የብረቱ በር ዋጋ

ባለፈው ሳምንት ሜክሲኮ ላይ የታክሲ ሰልፍ ይዤ ቆሜ ሳለ፣ ከፊቴ የነበሩ ሽማግሌ ዞር ብለው አዩኝ። ኮታቸው የተተኮሰ፣ ከዘራቸው የተወለወለ ነው። "ይቅርታ፣ ወይዘሮ ጥሩወርቅ አይደሉም? የመካኒኩ የበለጠ ባለቤት?" አሉኝ። ፊታቸው ጠፋኝ፤ ድምፃቸው ግን አልጠፋኝም። አቶ ሽመልስ ናቸው፤ ቤታችንን በብድር የገዛንበት ባንክ ውስጥ የብድር ክፍል ሠራተኛ የነበሩ። ያኔ ጸጉራቸው ጥቁር፣ እርሳስ ከጆሯቸው ላይ የማይጠፋ፣ ትዕግሥታቸው የማያልቅ ሰው ነበሩ። ስለ ጉልበት ሕመም፣ ስለ ልጆች፣ ስለ ሰልፉ ርዝመት ተጨዋወትን። የባለቤቴን የበለጠን መሞት ስነግራቸው ባርኔጣቸውን አወለቁ። ተራቸው ሲደርስ አንድ እግራቸውን ታክሲው ላይ አሳርፈው፣ "ለመሆኑ ያን ጊዜ፣ እቁብ የወጣልዎት ጊዜ፣ የነገርኩዎትን አደረጉት?" ብለው ጠየቁኝ። "አድርጌዋለሁ" አልኳቸው። "ጎበዝ። ስንቱን መክሬ የሰማኝ ጥቂት ሰው ነው" አሉና ገቡ።

ዋሸኋቸው። በዚህ እድሜዬ፣ ምንም ለማላተርፍበት ነገር፣ ሰልፍ ላይ ቆሜ ዋሸሁ። የሚቀጥለው ታክሲ ሲመጣ መግባት አቃተኝና ተራዬን ለኋለኛዋ ለቀቅኩ። በለገሃር አድርጌ፣ በየአጥሩ ጥግ እያረፍኩ፣ ወደ ካዛንቺስ በእግሬ ሄድኩ። ለምን ወደዚያ እንደሄድኩ አላውቅም፤ ቤቴ ቂርቆስ ነው፣ መንገዴም አልነበረም። እግሬ ይዞኝ ሄደ ማለት ይሻላል። የድሮ ቤታችን የነበረበትን ቦታ ልፈልግ ብዬ ቆምኩ፤ አላገኘሁትም። ሰፈሩ ተነሥቷል። ሰፊ መንገድ፣ ገና ያልጠና ሣር፣ በመደዳ የቆሙ የመብራት ምሰሶዎች አሉ። አንዲት አበባ የምታጠጣ ወጣት "እናቴ፣ የሚፈልጉት ቤት አለ?" ብላ ጠየቀችኝ። "አይ፣ ነበረ" አልኳት።

እኔና በለጠ ስንጋባ የገባነው እዚያ፣ የቀበሌ ቤት ውስጥ ነው። አንዲት ክፍል ናት። ኪራይዋ በወር ስምንት ብር ከሃምሳ ነበር። ግድግዳዋ ጭቃ፣ ውኃው ከቦኖ፣ ሽንት ቤቱ ከስድስት ቤተሰብ ጋር የጋራ። ከማዕዘኑ ላይ ካሴት ቤት ነበር፤ ድምፅ ማጉያውን ወደ መንገዱ አዙሮ ቀኑን ሙሉ ያንኑ ዘፈን ስለሚደጋግም ሙሉ ካሴቱን ሳንገዛ በቃላችን እናውቀው ነበር። ከካሴት ቤቱ ቀጥሎ ፎቶ ቤት፣ ከፎቶ ቤቱ ቀጥሎ አንገቱ ላይ ሜትር የማይለየው ልብስ ሰፊ። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በለጠ ቴትሮን ሱሪውን እንደ ምላጭ አስተኩሶ፣ እኔ ሽንሽን ፕሊሴ ቀሚሴን ለብሼ፣ ማኪያቶ በስልሳ ሳንቲም የምንጠጣበት ኬክ ቤት እንሄዳለን። እሱ ለገሃር አጠገብ በአንድ የመንግሥት ትራንስፖርት ጋራዥ መካኒክ ነበር፤ እኔ ደግሞ እዚያው ካዛንቺስ ከሚገኙት መሥሪያ ቤቶች በአንዱ ታይፒስት። በለጠ በየቀኑ አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ቤት ይደርሳል። እጁን በኦሞ እየፈተገ ታጥቦ፣ ግን ግሪሱ ከጥፍሩ ሥር ሳይለቅ፣ አብረን እንበላለን። በየቀኑ አብሮ መብላት ዋጋ ያለው ነገር መሆኑን ያኔ የነገረኝ ሰው የለም።

ቤት ግዢ የኔ ሐሳብ ነው። ይህን ማንም ላይ አላላክክም። ዮናስ ተወልዶ ድክ ድክ ማለት ሲጀምር የክፍሏ ጥበት አነቀኝ። ክረምት ሲገባ በሦስት ቦታ ሰሃን ደቅነን እንተኛለን። ቂርቆስ ውስጥ አንድ ጡረተኛ ወደ ልጃቸው ሊሄዱ ቤታቸውን እንደሚሸጡ ስሰማ ሄጄ አየሁት፤ ሁለት ክፍልና ሳሎን፣ ውጭ ማብሰያ፣ አንድ የሎሚ ዛፍ፣ አጥሩና በሩ ቆርቆሮ። ሰማንያ ሺህ ብር አሉ። የጋብቻ ወርቄን ሸጥኩ፤ በለጠም ከአባቱ ባሕር ዛፍ የደረሰውን ድርሻ አመጣ። ሃያውን ሺህ እንዲህ አሟላን። ስድሳውን ሺህ ባንኩ ሊያበድረን ተስማማ፤ ወለዱ በመቶ አሥራ ሁለት፣ ጊዜው አሥራ አምስት ዓመት፣ በወር ሰባት መቶ ሃያ ብር። የበለጠ ደመወዝ ስምንት መቶ፣ የኔ አራት መቶ አሥር ነበር። እሑድ እሑድ የግል መኪና እየጠገነ ጎደሎውን እሞላለሁ አለ።

የፈረምንበትን ቀን እንደ ትናንት አስታውሰዋለሁ። አቶ ሽመልስ ውሉን አንብበው ሲጨርሱ በለጠ ብዕሩን እንደያዘ፣ "በጠቅላላው ስንት ነው የምንከፍለው?" አለ። እሳቸውም እርሳሳቸውን ከጆሯቸው አንሥተው አባዙና፣ "አሥራ አምስት ዓመት ሲሞላ ወደ መቶ ሠላሳ ሺህ ይጠጋል" አሉ። በለጠ ቀና ብሎ አየኝ። ሐሳቡን የሚለውጥ መስሎኝ ፈራሁ። "ባንድ ጊዜ አይደለም እኮ፣ ቀስ እያለ ነው የሚከፈለው" አልኩት። እኔ ቀኑን ሙሉ በመሥሪያ ቤቴ የበጀት ሰንጠረዥ የምመታ ሴት ነኝ፤ አምስትና ስድስት ዜሮ ያላቸው ቁጥሮች በጣቶቼ ሥር ሲያልፉ ይውላሉ። ግን ቁጥር መምታትና ቁጥር ማንበብ የተለያየ ነው። በለጠ ሳቀና ፈረመ። እኔም ከሥሩ ፈረምኩ። ስንወጣ ቂርቆስ ድረስ በእግራችን ሄድን፤ የአውቶቡሱን አሥራ አምስት ሳንቲም ከዚያን ቀን ጀምሮ መቆጠብ ጀመርን።

ሦስት ዓመት ሳናዛንፍ ከፈልን። ጫማ ሲያልቅ ሶል እያስቀየርን፣ ሥጋ በዓመት በዓል ብቻ እየበላን። ከዚያ ባንኩ የሒሳብ መግለጫ ላከልን። ወደ ሃያ ስድስት ሺህ ብር ከፍለናል። ዕዳችን ግን የቀነሰው በአምስት ሺህ ብቻ ነው። በለጠ "ማሽኑ ተሳስቷል" ብሎ ወረቀቱን ይዞ አቶ ሽመልስ ዘንድ ሄደ፤ እኔም ተከተልኩት። "አልተሳሳተም" አሉ አቶ ሽመልስ። "ከመጀመሪያው ሰባት መቶ ሃያ ብር ውስጥ ስድስት መቶው ወለድ ነው። ከዋናው ብድር የተነሣው መቶ ሃያ ብቻ ነው። እየቆየ ሲሄድ ወደ ዋናው የሚገባው ይበዛል፤ መጀመሪያ ላይ ግን ወለዱ ነው የሚበላው።" ደረጃውን ስንወርድ በለጠ "እንግዲህ ሦስት ዓመት የወለዱ ተከራይ ነበርን ማለት ነው" አለ።

ብዙም ሳይቆይ የሚሠራበት ጋራዥ ታጠፈ። በዚያ ዘመን እንዲህ ነው የሚባለው፤ መሥሪያ ቤት እንደ ጨርቅ ይታጠፋል፤ ሠራተኛው የት እንደሚገባ አይነገርም። በለጠ የአገልግሎት ክፍያውን ይዞ ወጣ፤ እሱም ለወተት፣ ለዮናስ ትምህርት ቤት፣ ለቤት ወጪ አለቀ። አሥር ወር ሙሉ ለባንኩ ምንም አላስገባንም። አንድ ቀን ከሥራ ስመለስ ጎረቤቶቻችን በራችን ላይ ተሰብስበው ሲያነቡ ደረስኩ። ቆርቆሮው በር ላይ የሐራጅ ማስታወቂያ ተለጥፏል። የበለጠ ስም እስከ አያቱ፣ የቤቱ ቁጥር፣ የዕዳው መጠን። ሰዎቹ ሲያዩኝ መንገድ ለቀቁልኝ። አንዲቱ "አይዞሽ" አለችኝ፤ ያ "አይዞሽ" ከወረቀቱ ይልቅ አመመኝ። በቢላ ፋቅኩት። ወረቀቱ ተላጠ፣ ሙጫው ግን አራት ማዕዘን ሆኖ ቀረ። በነዳጅ ብፈትገው፣ በአሸዋ ብፈትገው አልለቅ አለኝ። ስገባ ስወጣ አየዋለሁ።

ባንኩ መጨረሻ ላይ ቤቱን ከመሸጥ ብድሩን ለማራዘም ተስማማ። ውዝፉ ወለድ ከዋናው ጋር ተደመረና ዕዳው ስድሳ ሺህ አምስት መቶ ምናምን ሆነ፤ ከጀመርንበት አለፈ። ግን በሃያ ዓመት ስለተከፋፈለ ወርኃዊው ክፍያ ወደ ስድስት መቶ ስድሳ ሰባት ብር ወረደ። ሃምሳ ሦስት ብር ቀነሰልን ብዬ ያን ቀን አንድ ኪሎ ሥጋ ገዛሁ። በለጠ እየበላ "ጥሩው፣ ያ ሁሉ የከፈልነው ግን የት ገባ?" አለኝ። "ቤቱ ተርፏል አይደል" አልኩት። ሥራ ያገኘው በዚያው ወር ነው፤ በአዋሽ ወንዝ ዳር ባለ የጥጥ እርሻ ውስጥ የውኃ ፓምፖችንና ትራክተሮችን መጠገን። ደመወዙ ደህና፣ በላዩም የበረሃ አበል አለው። ለገሃር ባቡር ጣቢያ ሸኘሁት። ቱታውን፣ ሁለት ሸሚዝና የእጅ መሣሪያዎቹን በአንድ የቆርቆሮ ሻንጣ ይዟል። ያኔ ሁለተኛ ልጃችንን ሄለንን የስድስት ወር እርጉዝ ነኝ። ዮናስን ብድግ አድርጎ "ሁለት ዓመት ብቻ ነው" አለው። እኔ አንገቴን ነቀነቅኩ። ሁለታችንም በወረቀቱ ላይ ሃያ እንደሚል እናውቃለን።

በየሦስት ወሩ ለአምስት ቀን ይመጣል። ፊቱ እየጠቆረ፣ ጉንጩ እየጎደጎደ፣ ወባው በዓመት አንዴ እየጣለው። ሲመጣ ሐብሐብና የጥጥ ፍራሽ ይዞልን ይመጣል። ሄለን አፏን ስትፈታ እኔን "እማዬ"፣ እሱን "ጋሼ" አለችው፤ የሚመጣውን ወንድ እንግዳ ሁሉ የምትጠራበት ስም ነው። እሱም ሳቀ፤ እኛም ሳቅን። "አባዬ በይ" ስንላት ትላለች፤ በሚቀጥለው ሲመጣ ግን እንደገና ጋሼ ነው። ዮናስ ደግሞ አንቱ ይለው ጀመር። ማንም አላስተማረውም። እኔን "አንቺ" እያለ እሱን "እርስዎ" ሲለው በለጠ አንድ ጊዜ እንኳ አላረመውም።

በሄደ በሁለተኛው ዓመት ነው እቁቡ የወጣልኝ። ሃምሳ ሰው ሆነን በወር ሁለት መቶ ብር የምንጥለው እቁብ ነበር፤ የኔን የማዋጣው አንዱን ክፍል አከራይቼ ነው። አሥር ሺህ ብር። ያን ያህል ገንዘብ ባንድ ላይ አይቼ አላውቅም። የወሩን ክፍያ ላስገባ ባንክ ስሄድ ለአቶ ሽመልስ ነገርኳቸው። እሳቸውም ወንበር ስበው አስቀመጡኝና በአንድ የገንዘብ ማስገቢያ ወረቀት ጀርባ ላይ በእርሳስ አሰሉልኝ። "ይሄን አሥር ሺህ ከዋናው ብድር ላይ ያስቀንሱት። ወርኃዊውን እንደ ድሮው ይክፈሉ። ወደ ሰባት ዓመት ያህል ይቀንስልዎታል።" አልገባኝም። "አሥር ሺህ ብር እንዴት የሰባት ዓመት ክፍያ ይሆናል? የአንድ ዓመት ከምናምን ብቻ አይደለም ወይ?" አልኳቸው። "ዛሬ ከዋናው የሚያነሡት አሥር ሺህ ለአሥራ ስምንት ዓመት ወለድ አይወልድም። ለዚያ ነው። ባለቤትዎ ሰባት ዓመት ቀድመው ቤታቸው ይገባሉ ማለት ነው" አሉኝ። ቁጥሩን ሁለት ጊዜ አሰመሩበት። ወረቀቱን አጣጥፌ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩ።

አላደረግኩትም። ያን ቀን ወደ ቤት ስመለስ በሩ ላይ ያንን የሙጫ አራት ማዕዘን አየሁት። ለዚያች "አይዞሽ" ላለችኝ ጎረቤት አንድ ነገር ማሳየት ነበረብኝ፤ ምን እንደሆነ አሁንም በትክክል ልናገር አልችልም። በሳምንቱ ብረት በያጅ ጠርቼ በር አዘዝኩ፤ ባለ ሁለት ክንፍ፣ ላዩ ላይ የወይን ሐረግ የተሠራበት፣ አረንጓዴ ቀለም የተቀባ። ቆርቆሮውን አጥር አንሥቼ በድንጋይ አስገነባሁ። ዘጠኝ ሺህ ስምንት መቶ ብር ፈጀ። በሁለት መቶዋ ለራሴ ትከሻው የተነሣ ጃኬት ገዛሁ። ለበለጠ ጻፍኩለት፤ እቁብ ወጣልኝ፣ ባንኩ ግን ከወርኃዊው ክፍያ ውጭ አልቀበልም አለ፣ ስለዚህ በሩንና አጥሩን አሠራሁበት አልኩት። መልሱ አጭር ነበር። "ጥሩ አድርገሻል። ልጆቹ እንዳይበርዳቸው ጣሪያውንም ለሠራተኛ አሳዪው።" በሚቀጥለው ሲመጣ በሩን በመዳፉ እየዳበሰ የብየዳውን መገጣጠሚያ አየና "ሥራው ጥሩ ነው" አለ።

አሁን ባሉ ልጆች አልፈርድም። ባለፈው እሑድ ዮናስ ወሎ ሰፈር ስለሚሠራ አንድ አፓርትማ ሊነግረኝ መጣ። የሱም ብድር ሃያ ዓመት ነው። ስልኩን ከፍቶ አሳየኝ፤ "እማዬ፣ በቃ በወር ይሄን ያህል ብቻ ነው" አለኝ። "ወሩን ተወው፣ ጠቅላላውን ጠይቅ" አልኩት። "ጠይቄያለሁ። ማለቴ፣ አሁን ሁሉም እንደዚህ ነው።" "ሥራ ብታጣስ? የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ዋናው ብድር እኮ አይነካም። ትርፍ ስታገኝ መጀመሪያ ዋናውን ቀንስ፤ መጋረጃ አትግዛ።" አቀርቅሮ ስልኩን ሲነካካ ቆየና "አንቺ ይሄን ሁሉ ከየት አወቅሽው?" አለኝ። "ቀኑን ሙሉ ሰንጠረዥ ስመታ ኖርኩ አይደል" አልኩት። ማክሰኞ ዕለት ፈረመ። የበሩን ነገር ግን አልነገርኩትም። ያደገው በዚያ በር እየገባ እየወጣ ነው።

ዓመታቱ እንዴት እንደሄዱ ብትጠይቁኝ በባቡሩ ነው የማስታውሰው። መጀመሪያ በለጠን የምንቀበለው ለገሃር ነበር፤ ከዚያ ባቡሩ ይዘገይ፣ ይቀር ጀመረ፤ ከዚያም ጨርሶ ቆመና በአውቶቡስ መምጣት ጀመረ። እናቱ ስታርፍ በሦስተኛው ቀን ደረሰ። ዮናስ ዩኒቨርሲቲ ሲገባ በስልክ ነገርነው። መጨረሻዎቹ ዓመታት ላይ ብሩ እየረከሰ ሄዶ ያ ያስጨነቀን ስድስት መቶ ስድሳ ሰባት ብር ቀሎ ነበር፤ አንድ በግ እንኳ አይገዛም። ሌላው ነገር ሁሉ ግን አብሮ ተወደደ፤ የልጆቹ ትምህርት፣ ጤፉ፣ ጣሪያው። አንድ ጊዜ "የቀረውን ባንዴ ዘግተን ለምን አትመጣም?" አልኩት። "መጥቼ ምን እሠራለሁ? ይልቅ፣ እስከ ጡረታ ያለችውን ልጨርስ" አለኝ። ያኔ መስማት ነበረብኝ። እኔ ግን ስለ ሥራ የሚያወራ መሰለኝ።

የመጨረሻውን ክፍያ ከፍለን ባንኩ ከዕዳ ነፃ የሚል ደብዳቤ የሰጠን ጊዜ በለጠ ስድሳ ዓመቱ ነበር። ጡረታ ወጥቶ በዚያችው የቆርቆሮ ሻንጣ ዕቃውን ይዞ መጣ። ልጆቹ ኬክ አመጡ፤ ፎቶ ተነሣን። ቤቱ ግን አልገጠመውም። የትኛው ማብሪያ የቱን መብራት እንደሚያበራ አያውቅም። ሰሃን የት እንደሚቀመጥ ይጠይቀኛል። ወንበር ላይ ሲቀመጥ ጫፉ ላይ ነው፣ ሊነሣ እንዳለ ሰው። ብርዱ አስቸገረውና ቤት ውስጥ ጃኬት ለብሶ ይውላል። ሄለን ከሥራ ስትገባ ድንገት ሳሎን ውስጥ ስታገኘው ትደነግጥና "ውይ፣ ይቅርታ" ትለዋለች። እኔም ራሴ፣ እውነቱን ልናገር፣ ለሃያ ዓመት የብቻዬ በነበረ አልጋ ላይ አንድ ትልቅ ሰው ሲገላበጥ እንቅልፍ አጣሁ።

በሦስተኛው ወር ይመስለኛል፣ አንድ ቀን ከገበያ ስመለስ በለጠ የቤቱን ሰነድ የማስቀምጥበትን የብስኩት ቆርቆሮ ከፍቶ ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶታል። የመለዋወጫ ዕቃ ደረሰኝ እንደሚለይ ሰው በዓመተ ምሕረት እያስተካከለ፣ በደብተር እየደመረ ነበር። "በጠቅላላው መቶ ሰማንያ ስድስት ሺህ ከፍለናል፤ ለስድሳ ሺህ" አለኝ፤ ቁጣ የለበትም። ከዚያ አንዲት ወረቀት አነሣ። የገንዘብ ማስገቢያ ወረቀት፤ ጀርባዋ ላይ በእርሳስ የተጻፈባት። ለምን እንዳልጣልኳት እስከ ዛሬ አላውቅም። "ይሄን ያሰላው ሽመልስ ነው?" "አዎ።" "አሥር ሺህ ከዋናው ሲቀነስ ሰባት ዓመት ይላል።" "አዎ።" "ቀኑ በሩ ከመሠራቱ በፊት ነው።" የያዝኩትን ሽንኩርት መሬት አስቀመጥኩ። እሱ ወረቀቷን በጣቱ እያቃናት ቆየ። "ሰባት ዓመት ቀድሜ ብመጣ ሄለን አሥራ ሦስት ዓመቷ ይሆን ነበር" አለ። "ይቅር በለኝ" አልኩት። "ያንን ማስታወቂያ እኔም አይቼዋለሁ፣ ጥሩው። ስሙ የኔ ነው። ብትጠይቂኝ ምናልባት እኔም በሩን እል ነበር። ግን አልጠየቅሽኝም።" ወረቀቶቹን እንደነበሩ መልሶ ከደነው።

ምነው በጮኸብኝ ብዬ ስንት ጊዜ ተመኘሁ። በሦስተኛው ሳምንት ከእርሻው ደውለውለት በኮንትራት ሊቀጥሩት እንደሚፈልጉ ነገረኝ። አንድ አሮጌ ፓምፕ አለ፣ ጸባዩን ከሱ ሌላ የሚያውቀው የለም። "ለስንት ጊዜ?" አልኩት። "እስቲ አየዋለሁ" አለ። ልጆቹ ሥራ ወዳድነቱ ነው ብለው ሳቁ። እኔ ሻንጣውን አዘጋጀሁለት፤ ሸሚዞቹን ሳጣጥፍ ሁሉም የበረሃ ሸሚዞች መሆናቸውን፣ እዚህ የገዛንለት ሹራብ ወንበሩ ላይ እንደተንጠለጠለ መቅረቱን አየሁ።

ስድስት ወር ስጠብቅ ቆይቼ ሄድኩ። በሃያ ዓመት ውስጥ የሚሠራበትን ቦታ አይቼው አላውቅም፤ የመሳፈሪያውን ገንዘብ ለባንኩ እንቆጥባለን ስንል ነበር። የሚኖርባት ክፍል ካዛንቺስ የነበረችንን ታህላለች። አንድ አልጋ፣ አንድ ጣሪያ ላይ የሚሽከረከር ማራገቢያ፣ መሣሪያዎቹ በግድግዳው ላይ በመጠናቸው ተሰቅለው። በሩ ላይ በራሱ እጅ የተከላቸው ፓፓያዎች አሉ። ሌላ ሴት ትኖር ይሆን ብዬ በዓይኔ ፈለግኩ። አልነበረችም። ብትኖር ይቀለኝ ነበር፤ ከሴት ጋር መጣላት ይቻላል። አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ከሥራ ገባ፤ እጁን ታጠበ፤ አብረን በላን። ጎረቤቶቹ እየመጡ ያዋዩታል፣ ይስቃል፤ ድምፁን እንዲህ ከፍ አድርጎ ሲስቅ ከሰማሁት ስንት ዘመኔ። በአራተኛው ቀን "ወደ ቤትህ ና" አልኩት። ወደ መሬት እያየ፣ "እዚያ እኮ እንግዳ ነኝ፣ ጥሩው። ተቀያይመን አይደለም። እዚህ ግን የት ምን እንዳለ አውቃለሁ" አለኝ። ጠዋት አውቶቡስ ድረስ ሸኘኝ። ለሄለን ፓፓያ በካርቶን አሰረልኝ። መስኮቱ ሥር ቆሞ "ስትደርሺ ደውይ" አለኝ፤ ደረስኩና ደወልኩለት።

ከዚያ በኋላ ሦስት ዓመት ያህል ኖረ። ለበዓል ይመጣል፣ ሁለት ቀን ሰንብቶ ይሄዳል። የገደለው ልቡ መሆኑን ሐኪሞቹ ተናገሩ፤ ፓምፑ አጠገብ ተቀምጦ ነው ያገኙት። ሬሳውን ወደ አዲስ አበባ እናምጣ ስንል የእርሻው እድር ሰዎች፣ በሕይወት ሳለ እዚህ ቅበሩኝ ብሎ ቃሉን ሰጥቷል አሉን። ዮናስ ሊከራከር ፈለገ፤ እኔ ተው አልኩት። በአውቶቡስ ደረስን። ሙቀቱ ፊት ይለበልባል። ድንኳኑ ሙሉ ነው፤ ሴቶቹ ደረታቸውን እየመቱ "ጋሽ በለጠ" እያሉ ያለቅሳሉ፤ ከማላውቃቸው ሰዎች አፍ የማላውቀውን ባሌን ሰማሁ። ለማን ትራክተር እንደጠገነ፣ ለማን ልጅ ክርስትና እንደቆመ፣ ማንን በወባ ሲታመም እንዳስታመመ። የምቀመጥበትን ፈልጌ መግቢያው ላይ ቆሜ ሳለሁ፣ ለቀስተኛውን የሚያስተናግድ አንድ ጎልማሳ ወደ እኔ መጣ። በአክብሮት ጎንበስ ብሎ፣ "እናቴ፣ በማን በኩል ነዎት?" አለኝ።

"ሚስቱ ነኝ" አልኩት።

ክንዴን ይዞ፣ ከፊት ወዳለው ወንበር ቀስ እያለ እየወሰደኝ፣ "ይቅርታ ያድርጉልኝ" አለ። "አዲስ አበባ ቤት እንዳላቸው ብቻ ነበር የምናውቀው።"